የሂሻም ዘንዶ

ዘንዶው የታመመው በቅቤ ነው። ይህን ለሰው ቢያወሩት አያምንም። ቅቤ ደግሞ ማንን ገድሎ ያውቃል? ራስ ሲያም ቅቤ፣ ወገብ ሲቆረጥም ቅቤ፣ ሕፃን ሲወለድ ቅቤ በሚባልበት አገር፣ ዓቢዳ የልጇን አደራ ከአናቱ እስከ ጅራቱ ቅቤ ብትቀባው ማን ይፈርድባታል? ማንም ሊፈርድባት አይገባም።

አደራው የሂሻም ነው። ሂሻም የዓቢዳ የመጨረሻ ልጅ፣ ከመርሳ ወደ ግራና ከተማ በሚወስደው መንገድ ካለ የማንጎ እርሻ ላይ ውሃ ሲያጠጣ፣ ጎርፍ ያመጣውን አንድ ክንድ የማይሞላ የዘንዶ ግልገል ከቦዩ አፍ አንሥቶ በከረጢት ይዞ ቤት ገባ። ሰፈሩ ተንጫጫ። አንዱ ግደለው አለ፣ ሌላው የቤት ቆሌ ነውና አትንኩት አለ። ሼሁ መጥተው አዩና፣ «ቆሌ የሚባል ነገር የለም። ግን ነፍስ ነው፣ ካሰራችሁት አብሉት» ብለው ሄዱ። እባብ ያየ በልጥ በረየ ይባላል፤ ሂሻም ግን አንድም ነገር የሚያስበረግገው ልጅ አልነበረም። አሮጌ የነዳጅ በርሜል በቁመቱ አስቆርጦ የሽቦ ወንፊት ክዳን ሠራለት፣ አይጥ እያጠመደ አሳደገው። ዘንዶው ክንዱ ላይ ሲጠመጠም እናቱን ጠርቶ «እይው፣ አቀፈኝ» ይላታል። እሷ በሩ ላይ ቆማ ትራገማለች።

ከኢድ በኋላ ሂሻም እንደ እኩዮቹ በጅቡቲ በኩል ባሕር ሊሻገር ተነሣ። ዓቢዳ ልብሱን ይዛ አለቅህም ስትለው፣ ሊያስቃት ብሎ «እማዬ፣ ዘንዶዬን ደህና አድርገሽ ያዥልኝ። እሱ ደህና ከሆነ እኔም ደህና ነኝ በዪ» አላት። ቀልዱን ነበር። እናት ግን ከሚሄድ ልጅ አፍ የወጣን ነገር ቀልድ ነው ብላ አትጥልም።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ያቺ ተራጋሚ ሴት የበርሜሉ ጠባቂ ሆነች። የሐብሩ ቆላ ሙቀት እንዳያቃጥለው ብላ የተኛበትን ጆንያ በየጧቱ ውሃ ታርከፈክፍበታለች። አርብ አርብ ቅቤ ትቀባዋለች፤ ሂሻምን በልጅነቱ ትቀባው እንደነበረው፣ ከአናቱ ጀምራ ወደ ታች። ሂሻም ኦቦክ ከሚባለው የጅቡቲ ባሕር ዳርቻ ደውሎ «ልንሳፈር ነው፣ ዱዓ አድርጉልኝ» ካለ በኋላ ስልኩ ዝም ሲል ደግሞ፣ የአርቡ ቅቤ የየቀን ሆነ።

ሽታውን መጀመሪያ ያወቀችው ሀስና ናት። ሀስና የሂሻም ታላቅ እህት ስትሆን፣ ባሏን ፈትታ ከእናቷ ጋር እየኖረች መርሳ መናኸሪያ አጠገብ ልብስ ትሰፋለች። አንድ ጧት ክዳኑን ስታነሣ የቆየ ቁስል ሽታ አፍንጫዋን መታት። ዘንዶው ጥግ ይዞ ተጠቅልሏል። ከላይ ሲያዩት በቅቤው ያብረቀርቃል፣ ምንም የሆነ አይመስልም። እጇን በጨርቅ ጠቅልላ ስታገላብጠው ግን ነጭ የነበረው የሆዱ ቅርፊት ሻይ እንደፈሰሰበት ነጠላ ቡኒ ሆኗል። በቅርፊቶቹ መካከል ያለው ሥጋ ቀልቷል። ወደ ጅራቱ በኩል ውሃ የቋጠሩ እባጮች ወጥተዋል፣ አንዱም ፈርጦ ከጆንያው ጋር ተጣብቋል።

«ምን ሆነብኝ?» አለች ዓቢዳ ከኋላዋ።

«ቆዳው ታሟል እማዬ።»

ዓቢዳ እዚያው መሬት ላይ ቁጭ አለች። «ሂሻም ታሟል በዪኛ» አለች።

ሀስና ክዳኑን መልሳ ገጠመች። ሂሻም አልታመመም፤ ሂሻም ሞቷል። የተሳፈረበት ጀልባ ከዳርቻው ሳይርቅ ተገልብጦ ነበር። ዋኝቶ የወጣ አንድ የሐራ ከተማ ልጅ ለአጎቷ ለአብዱልሐሊም ደውሎ፣ የሂሻምን ሬሳ በዓይኑ እንዳየውና እዚያው አሸዋው ላይ እንደቀበሩት ነግሯቸዋል። ይህ ሁሉ የሆነው ዘንዶው ከመታመሙ በፊት ነው። የወፍጮ ቤቱ ሰውዬ ያውቃል፣ ባጃጅ ነጂዎቹ ያውቃሉ፣ ውሃ የሚቀዱት ሴቶች ያውቃሉ። የማታውቀው ዓቢዳ ብቻ ናት።

ወጉ እንዲህ ነው። መርዶ እንደ ገበያ ወሬ ተነሥቶ አይነገርም። የሟች እናት የገዛ ሥጋዋ በሌለበት መርዶ አትረዳም፤ ስትወድቅ የሚደግፋት፣ ፊቷን ስትቧጭር እጇን የሚይዛት ወንድም ወይም እህት መኖር አለበት። የዓቢዳ ወንድም ዓሪፍ የጭነት መኪናውን እየነዳ አፋር ገብቶ መንገድ ተዘግቶበታል። አብዱልሐሊም ሽማግሌዎቹን ሰብስበው «ዓሪፍ እስኪደርስ ሁሉም አፉን ይያዝ» አሉ። ሀስናን ደግሞ ለብቻዋ ጠሯት። «አጠገቧ ያለሽው አንቺ ነሽ። ስልኳን ካጠገቧ አርቂ፣ ገቢ ወጪውን ጠብቂ። ፊትሽ እንዳያሳብቅብሽ።»

በሞኝ ክንድ የዘንዶ ጉድጓድ ይለኩበታል ማለት ይኸው ነው። ሽማግሌዎቹ ለእናትየው አዘኑላት ተብለው ቤታቸው አረፍ ይላሉ። እህት ግን የወንድሟን ኀዘን ውጣ ከእናቷ ጋር አንድ ትሪ ላይ እጇን ትዘረጋለች። እናቷ «ሂሻም ይሄን ወጥ እንዴት ይወድ ነበር» ስትል አብራ ትስቃለች። የምታለቅሰው መርሳ፣ የልብስ ስፌት መኪናው ላይ ነው፤ የመኪናው ድምፅ ይሸፍናል።

የእንስሳት ሐኪሙ ማሩ መርሳ ገበያ ዳር የመድኃኒት ሱቅ አለው። በሬና ፍየል እንጂ እባብ አክሞ አያውቅም፣ ይህንንም አልደበቀም። ሀስና በስልኳ ያነሣችውን የሆዱን ፎቶ ሲያይ ጀምሮት የነበረው ሳቅ ጠፋ። ፎቶውን አብሮት ለተማረ ጓደኛው ልኮለት ብዙ ተነጋገሩ። ከዚያ ሱቁን ቆልፎ አብሯት በባጃጅ መጣ።

ዘንዶውን ሀስና ከአናቱ በኩል ይዛለት ሆዱን እያገላበጠ አየ። አፉንም ከፍቶ አየ። ጆንያውን ጨመቅ ሲያደርገው ውሃ ጠብ አለ።

«ይሄን ጆንያ ማን ነው የሚያረጥበው?»

«እኔ ነኝ ልጄ» አለች ዓቢዳ። «ሙቀቱ እንዳይጎዳው ብዬ።»

«ቅቤውስ?»

«እሱም እኔ ነኝ።»

ማሩ ወደ መሬት አየ። «እትዬ ዓቢዳ፣ አይቀየሙኝ። ያሳመመው ይኸው ነው። እባብ ውሃ ይጠጣል እንጂ ውሃ ላይ አይተኛም። እርጥበት ከሆዱ ሥር ሲቆይ ቆዳው ይሻግታል። ቅቤው ደግሞ እርጥበቱን ቆለፈበት፣ ቆሻሻውንም አጣበቀበት። መጀመሪያ ቡኒ ነጥብ ይሆናል፣ ከዚያ ይቀላል፣ ከዚያ ውሃ ይቋጥራል። ወደ ደሙ ከገባ ግን አናድነውም።»

ዓቢዳ እጆቿን ዘርግታ አየቻቸው። መዳፎቿ ገና ወዝ አላቸው። ከዚያ ነጠላዋ ውስጥ ደበቀቻቸው።

ማሩ ለሀስና አስረዳት። ጆንያው ይቃጠል። በርሜሉ በሳሙና ታጥቦ ፀሐይ ላይ ይድረቅ፣ ከሥሩ ደረቅ ጋዜጣ ይነጠፍ፣ በቆሸሸ ቁጥር ይቀየር። ግማሹ ፀሐይ ግማሹ ጥላ ይሁን፣ ሲሞቀውና ሲበርደው ራሱ ይመርጣል። ያመጣላቸው አዮዲን ቀጭን ሻይ እስኪመስል በንጹሕ ውሃ ይቅጠን፤ በእሱ በተነከረ ጥጥ ጧትና ማታ ቁስሉ ይጠረግ፣ ይድረቅ፣ ከዚያ የሰጣቸው የቁስል ቅባት በስሱ። እባጩን ማፍረጥ፣ የሚላጠውን ቆዳ መጎተት የለም። እሷም በነካችው ቁጥር እጇን በሳሙና ትታጠብ።

«በአፉ መተንፈስ ከጀመረ ወይም አረፋ ካወጣ ደውዪልኝ፣ ያኔ መርፌ ነው። ለበግ የማውቀውን መጠን በግምት አልወጋውም፣ ጓደኛዬን እጠይቃለሁ። ከዚህ ከተረፈ ቆዳውን ይቀይራል። ሳይቆራረጥ ሙሉውን ከጣለ ድኗል በዪ።»

«ሰማሽ?» አለች ዓቢዳ። «ከእንግዲህ የምትነኪው አንቺ ነሽ። የኔ እጅ አይደርስበትም።»

ሀስና ማሩን እስከ አጥሩ ሸኘችው። ባጃጁ ውስጥ ሊገባ ሲል ድምፁን ዝቅ አድርጎ «የወንድምሽን ነገር ሰማሁ። እግዚአብሔር ያጽናሽ» አላት።

«ቀስ በል፣ ትሰማለች» አለችው። ለቅሶ የደረሳት ሰው እሱ ብቻ ነበር።

አሁን ሀስና ያሰበችው ክፉ ሐሳብ ነው፤ እሷም ክፉ መሆኑን አላጣችውም። ዘንዶው ቢሞትስ? አለች በልቧ። እናቷ ዘንዶውን ታለቅሳለች። ዘንዶውን ስታለቅስ ልቧ ሂሻምን ይጠረጥራል። መርዶው ሲመጣ ግማሹን መንገድ ራሷ ሄዳ ትጠብቀዋለች። ሰው ከሰገነት ከሚወድቅ ከደረጃ ቢወድቅ ይሻላል። ወንድሟ ላይ ምንም ማድረግ አልቻለችም፤ እናቷ ላይ ግን ይህን ማድረግ ትችላለች፤ ጥጡንም የያዘችው እሷ ናት።

ስለዚህ ተወችው። አዮዲኑን ሳትነካ ጥጡን በባዶ ውሃ ነክራ ጠረገችው። ጋዜጣው ሲረጥብ አይታ እንዳላየች አለፈችው። እናቷ በሩ ላይ ቆማ «አደረግሽለት?» ስትላት «አደረግሁለት» ትላለች። ለዚህ ሥራ ብዙ ጉልበት አያስፈልግም፤ መተው ብቻ በቂ ነው።

በሽታው ወዲያው አወቀባት። እባጮቹ ወደ መሐል ሆዱ ወጡ፣ የፈረጡት እዥ ቋጠሩ። ዘንዶው የሰጡትን አይጥ ሳይነካ አሳደረው። ዓቢዳም አብራው ምግብ ተወች። በርሜሉ አጠገብ ዱካ አስቀምጣ ተቀምጣበት ትውላለች፣ በሁለቱ እጆቿ ጉልበቷን ታቅፋ። አንድ ከሰዓት ሀስና ከመርሳ ስትመለስ እናቷን ከዘንዶው ጋር ስትነጋገር አገኘቻት።

«በእጄ ገደልኩህ» ትለዋለች። «ሰው ሁሉ ልጁን ከሞት ይጠብቃል። እኔ በገዛ እጄ፣ እየቀባሁ።»

ሀስና ከነቦርሳዋ ደጅ ላይ ቀረች። እስከዚያ ሰዓት ድረስ ያላየችው ነገር አሁን ፊት ለፊቷ ቆመ። ዘንዶው ከሞተ መርዶው ለእናቷ አዲስ ነገር አይሆንም፤ ሂሳቡን ቀድማ ጨርሳዋለች። ሂሻም ሞተ ሲሏት ባሕሩን አትልም፣ ጀልባውን አትልም፣ ደላላውን አትልም። «እኔ ነኝ» ትላለች። እስክትሞት ድረስ በቅቤ የገደልኩት ልጄ እያለች ትኖራለች። ሀስና ደረጃ ልሥራላት ብላ ጉድጓድ ስትቆፍር ነው የከረመችው።

ዘንዶው መሞት የለበትም። የዚያን ቀን በርሜሉን ከሥሩ ፈገፈገች፣ ጋዜጣውን ቀየረች፣ አዮዲኑን በፊንጃል ለክታ አቀጠነች። ቁስሉን አንድ በአንድ ስትጠርግ እንባዋ ይወርዳል፤ «ሽታው ነው» አለቻት እናቷን። ዘንዶው ከእጇ ሥር አንድ ጊዜ እንኳ አልተቆጣም። ቀዝቃዛ ነው፣ ከባድ ነው፣ ትንፋሹ ጎኑ ላይ ቀስ ብሎ ይነሣል። ወንድሟን ማንም አላጠበላትም፤ ከፍኖ የቀበረውም የማታውቀው ሰው ነው። ይሄኛውን ግን እሷ አጠበችው። እጇ ላይ ያለው ማን እንደሆነ የጠፋባት ጊዜም ነበር፣ ብትጠየቅ ግን ታፍርበት ነበር።

ከዚያ በኋላ ጧትና ማታ አላጓደለችም። ለስፌት የተቀበለችውን ጨርቅ ሰው እስኪቆጣት ድረስ አዘገየች። ማሩም ሁለተኛ መጥቶ አየው። አፉ ንጹሕ መሆኑን፣ ትንፋሹ አለማፏጨቱን አይቶ መርፌው ይቅር አለ። ቅላቱ ደበዘዘ፣ እባጮቹ ሟሽሸው ቅርፊት ሠሩ። አንድ ቀን የዘንዶው ዓይን ወተት እንደገባበት ደፈረሰ። ዓቢዳ ታወረብኝ ብላ ደረቷን ስትይዝ ሀስና ለማሩ ደወለች። «እንኳን ደስ አላችሁ፣ ቆዳውን ሊቀይር ነው» አለ። «ሻካራ ድንጋይ አስገቡለት፣ አትንኩት።»

ቆዳውን የጣለው ሰው ሳያየው ነው። ጧት ክዳኑን ሲያነሡት፣ ከአፍንጫው እስከ ጅራቱ ጫፍ አንድም ቦታ ያልተቀደደ ገፈፋ ድንጋዩ ላይ ተጎትቶ ቀርቷል። የዓይኑ ሽፋን ሳይቀር አለበት። ዘንዶው አዲስ ቆዳ ለብሷል፣ ሆዱ ነጭ ነው፣ ጥቂት ጠባሳ ብቻ ቀርቶበታል። ዓቢዳ «አልሐምዱሊላህ» አለች። ደግማ አለች። ከዚያ ሂሻም ከሄደ ወዲህ ተሰምቶባት የማያውቅ ሳቅ ሳቀች፣ የሀስናንም እጆች ይዛ ሳመቻቸው።

«እጅሽ መድኃኒት ነው» አለቻት። «አሻገርሽልኝ። ስልኬን አምጪልኝ፣ አሁን ይደውላል።»

ሀስና የደበቀችውን ስልክ አውጥታ ሰጠቻት። ዓቢዳ ቻርጅ አድርጋ ጡቷ ሥር ሸጎጠችው። ለአርብ ጧት ሶደቃ አወጀች፤ ፍየል ይታረዳል፣ ዱዓ ይደረጋል፣ ጎረቤት ሁሉ ይጠራል። በየቤቱ ራሷ እየዞረች ጠራች። የጠራቻቸው ሁሉ «ኢንሻአላህ» እያሉ ዓይናቸውን ሰበሩባት። እሷ ከደስታዋ የተነሣ አላየችም።

መንገዱ ተከፍቶ ዓሪፍ መርሳ የገባው ሐሙስ ነው። አብዱልሐሊም ሀስናን ሱቋ ድረስ መጥተው ጠሯት።

«ነገ ጧት ይሁን ብለናል» አሏት።

«ነገ? አያ፣ ነገ እኮ ሶደቃዋ ነው። ለደስታዋ የጠራችው ሰው ነው።»

«ሰው አንዴ ከተሰበሰበ ሁለተኛ አይሰበሰብም፣ ልጄ። ዓሪፍም መኪናው ተከራይ እየጠበቀው ነው። ለመርዶ የሚመች ቀን የት አለ?»

«እንግዲያው ዛሬ ለብቻዋ እኔ ልንገራት።»

«ለብቻሽ? ብትሞትብሽስ?» አሉ። «የአላህን ቁጣ በራስሽ አታምጪ። እስከ ዛሬ ችለሽዋል፣ አንድ ቀን ቻዪው።»

በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም እያሉ ልጅ ይመክራሉ፤ ሞትን ግን ደብቀው ያሳድራሉ። ሀስና ያን አመሻሽ እናቷ ሽንኩርት ስትከትፍ አጠገቧ ተቀምጣ «እማዬ» አለች። ዓቢዳ ቀና ብላ አየቻት። ፊቷ ሞልቷል፣ ከሲታዋ ሴት በጥቂት ቀን ሰው መስላለች። «ወዬ፣ የኔ መድኃኒት» አለቻት። ሀስና ቢላዋውን ከእጇ ተቀብላ ሽንኩርቱን መክተፍ ያዘች። ለእንባዋ ምክንያት አገኘች፤ ለአፏ ግን አላገኘችለትም።

ጧት ፀሐይ ሳትወጣ መጡ። ለሶደቃ የሚመጣ ሰው ረፋድ ላይ ነው የሚመጣው፤ እነዚህ ግን ጎህ ሲቀድ፣ ወንዶቹ ፎጣቸውን ደርበው፣ ሴቶቹ ወገባቸውን ታጥቀው፣ ተከታትለው በአጥሩ ገቡ። ከፊት አብዱልሐሊም፣ ከጎናቸው ዓሪፍ። ሌላ ሴት ብትሆን ሰልፉን አይታ ትጮህ ነበር። ዓቢዳ ግን «አብሽሩ፣ ለሥራው ነው የማለዳችሁልኝ? ዓሪፍ፣ አንተም ደረስክልኝ?» ብላ ወንድሟን ሳመችው። መልስ ሳትጠብቅ ወደ ጓዳ ሮጣ ገፈፋውን በሰፌድ ላይ ተጠቅልሎ ይዛ ወጣች።

«እዩልኝ» አለች። «አንድ ቦታ እንኳ አልተቀደደም። ዓይኑን እይልኝ ዓሪፍ፣ ዓይኑ እንኳ አለበት።»

ሰፌዱን ማንም አልተቀበላትም።

«ዓቢዳ፣ ቁጭ በይ» አሉ አብዱልሐሊም።

«እንግዳ ቆሞ እኔ ልቀመጥ?»

«ቁጭ በይ።» ከዚያ «ኢናሊላሂ ወኢና ኢለይሂ ራጂዑን» አሉ።

ሴቶቹ እሪታውን ለቀቁት። ዓሪፍ እጆቿን ያዘ፣ ሰፌዱ ወደቀ። ዓቢዳ ግን ፊቷን አልቧጨረችም፣ አልወደቀችምም። የተዘጋጁለት ነገር ሁሉ አልመጣም። አንዱን ፊት ከሌላው እያስተያየች ቆየችና «መቼ?» አለች።

«ቀደም ብሏል» አሉ አብዱልሐሊም።

«መቼ?»

«ከኦቦክ በተሳፈሩበት ዕለት ነው። ክረምቱ ሳይገባ።»

ዓቢዳ አሰበች። አሰላችው። «ያን ሰሞን ዘንዶው ምንም አልነበረውም» አለች። «ደህና ነበር። ያብረቀርቅ ነበር።» ከዚያ ቀስ ብላ ዞራ፣ ግድግዳውን ተደግፋ የቆመችውን ሀስናን አየቻት። «አንቺስ ታውቂ ነበር?»

ሀስና ራሷን በአዎንታ ነቀነቀች።

«እያወቅሽ ነው ያከምሽው?»

«እማዬ፣ በእጄ ገደልኩት እንዳትዪ ብዬ ነው። ከሞተ በእኔ ቅቤ ነው ትዪ ነበር።»

«እል ነበር» አለች ዓቢዳ። «በእጄ ሞተ ብል ይሻለኝ ነበር። ሲሞት እጄ ነበረበት እል ነበር። አሁን ማንም ያልነካው፣ ማንም ያልያዘው፣ ብቻውን ነው የሞተብኝ።»

ዓሪፍ ደግፎ አስቀመጣት። ጡቷ ሥር ያለው ስልክ ወለሉ ላይ ሲወድቅ አንዲት ጎረቤት አንሥታ መስኮቱ ላይ አኖረችው። ለሶደቃ የታሰረው ፍየል ለለቅሶ ታረደ። ሰው እየበዛ ሲሄድ ሀስና ከመሐሉ ወጥታ ወደ በርሜሉ ሄደች፤ የጧቱ ጋዜጣ አልተቀየረም ነበር። ክዳኑን አንሥታ አየችው። ዘንዶው ደህና ነበር።